ከባሕር በታች ላለ ልጅ የተተከለ ድንኳን

ብዙ መናገር አልችልበትም። ይህችን ግን ሳልጽፋት ብቀር እግዚአብሔር ያደረገልኝን እንደ መሸሸግ መሰለኝ። ጊዜ ሰጥታችሁ ለምታነቡኝ ሁሉ ከወዲሁ አመሰግናለሁ።

የምኖረው ሰርቦ ነው። የምሠራው በቡና ማጠቢያ፣ ፍሬ በመምረጥ ነው። ባለቤቴ ካረፈ ቆይቷል። አንድ ልጅ አለኝ፤ ሚኪያስ ይባላል፤ ሚኪ ነው የምንለው። አባቱ ሲሞት ባሕር ማዶ የምትኖረው ታናሽ እህቴ አስቴር "ብቻሽን አትችይውም፤ እኔ ላስተምረው" ብላ ወሰደችው። እዚያው አደገ፣ ዜግነትም አገኘ፣ በኋላ በዚያ አገር ባሕር ኃይል ተቀጠረ። መርከብ ላይ ነው ሲሉኝ ደስ አለኝ። ባሕር አይቼ ባላውቅም መርከብ በሥዕል አይቻለሁ፤ ከውሃ በላይ ናት፤ ፀሐይ ያገኛታል። የእሱ መርከብ ከሥር እንደምትሄድ የነገረኝ ለእረፍት ሲመጣ ነው።

ክረምት ነበር። የጣራዬን ውሃ የማጠራቅምበት በርሜል በሬ አጠገብ ተቀምጧል። ሚኪ እዚያ ቁጢጥ ብሎ ባዶ የውሃ ፕላስቲክ አነሳ፤ ታችኛውን ጎኑን በሚስማር በሳሳ፤ አፉ ላይ ቀጭን ጎማ አሰረበት።

"እማዬ፣ ነይ ላሳይሽ።"

በርሜሉ ውስጥ ለቀቀው። ውሃው በቀዳዳዎቹ እየገባ ፕላስቲኩ ቀስ ብሎ ወረደ፤ ከዓይኔ ጠፋ።

"ይኸው ወረድን" አለ።

ከዚያ ጎማውን አፉ ውስጥ አድርጎ ነፋ። ፕላስቲኩ ውሃውን እየተፋ ተመልሶ ብቅ አለ።

"መርከቡም ይኸው ነው። በጎኑ ጋን የመሰለ ባዶ ቦታ አለው። ውሃ ሲሞላበት እንወርዳለን። መውጣት ስንፈልግ የታመቀ አየር እንለቅበትና ውሃውን ያባርረዋል። ታች ስንደርስ ክብደታችንን ከባሕሩ ጋር እናስተካክላለን፤ ያኔ አንሰምጥም፣ አንንሳፈፍም። ክንፍ አለው፤ እሱን እያዘነበልን እንደ ወፍ እንሄዳለን።"

ጎረቤቴ ኑሪያ በአጥሩ በኩል አንገቷን አስግጋ ታየን ነበር። ኑሪያና እኔ ሃያ ዓመት ሙሉ አንድ አጥር ነው የሚለየን፤ አጥሩም በሷ ወሬ ከተደገፈ ቆይቷል።

"ስንት ሰው ነው እዚያ ፕላስቲክ ውስጥ የሚገባው?" አለች።

"ከመቶ በላይ ነን፣ እትዬ ኑሪያ።"

"ያ አላህ! መስኮት አለው?"

"የለውም።"

"ታዲያ በምን ያያል?"

"አያይም። ይሰማል። የኔ ሥራ እሱ ነው። ጆሮዬ ላይ ማዳመጫ አድርጌ ባሕሩን አዳምጣለሁ። ሌላ መርከብ ቢመጣ በሞተሩ ድምፅ እናውቀዋለን። ዓሣ ነባሪም እንሰማለን። ከላይ ዝናብ ሲዘንብ እንኳ ይሰማናል፤ ልክ እንደዚህ ቤት ቆርቆሮ ነው።"

"ምን ትተነፍሳላችሁ ልጄ?" አልኩት። እኔን ያሳሰበኝ እሱ ነበር።

"አየሩን የምናወጣው ከውሃው ነው፤ በኤሌክትሪክ ስንለያየው የምንተነፍሰው ይወጣል። የምንጠጣውንም ጨዉን ለይተን ከዚያው ነው። ፀሐይ ብቻ ነው የሌለን። ቁርስ ሲቀርብ ነጋ እንላለን።"

ድምፅ ማሰማት ክልክል እንደሆነም ነገረን። ለስላሳ ጫማ ነው የሚያደርጉት፤ በር አይወረውሩም፤ ድስት የጣለ ሰው ቁጣ አለበት። ባሕር ውስጥ ድምፅ ሩቅ ይሄዳል፤ ያሉበት ከታወቀ መደበቁ ምን ዋጋ አለው?

"እኔ አንድ ቀንም አልውልበት" አለች ኑሪያ። "በወሬዬ ብቻ አስይዛቸዋለሁ!"

ሚኪ በሳቅ ወደቀ። ከዚያ ወደኔ ዞሮ ሳቁን ተወ።

"እማዬ፣ ስንወርድ ወራት ነው። ስልክ የለም። አንቺ አጭር መልእክት መላክ ትችያለሽ፤ ለአክስቴ ትነግሪያታለሽ፣ እሷ በነሱ ቋንቋ ጽፋ ትሰጣለች። ከሥር ሆነን የምንቀበልበት መንገድ አለ። መልስ ግን አንልክም። መልስ ከላክን እንታወቃለን።"

"መድረሱን በምን አውቃለሁ?"

"አታውቂም። ይደርሳል ብለሽ ነው የምትልኪው።"

"አንተ አንድ ነገር ብትሆንስ?"

"በስልክ አይነግሩሽም። የደንብ ልብስ የለበሱ ሁለት ሰዎች አክስቴ በር ድረስ ይመጣሉ፤ የጻፍኩት የሷን አድራሻ ነው። በነሱም አገር እንዲህ ያለው በሰው ነው የሚነገረው።"

"እነሱም መርዶ ያውቃሉ?" አልኩ። ስለ አገሩ ከሰማሁት ሁሉ ደስ ያለኝ ይኸ ብቻ ነው።

ክረምቱ ሳያልቅ ተመለሰ። በዓመቱ፣ የጓሮዬ ቡና ገና አረንጓዴ ፍሬ ይዞ ሳለ ደወለልኝ።

"እማዬ፣ ልወርድ ነው። ቡናው ሲቀላ እደውልልሻለሁ።"

"መቅላት ሲጀምር ነው ወይስ በደንብ ሲቀላ?"

"በደንብ ሲቀላ። ለማንም እንዳታወሪ፤ መቼ እንደምንወርድ ለሰው አይነገርም።"

"አምላክ ይከተልህ" አልኩት። ለማንም አላወራሁም፤ ለኑሪያም ጭምር። ለኑሪያ መንገር ለሰርቦ መንገር ነው። በየጠዋቱ ቤተ ክርስቲያን ስሳለም ብቻ ለእመቤቴ እነግራታለሁ፤ ከዚያ ጓሮ ዞሬ ፍሬውን አያለሁ።

እንግዲህ ነገሩ የሆነው ቡናው ግማሹ ቀልቶ ግማሹ አረንጓዴ ሳለ ነው።

ዋዜማው ላይ ያላስተዋልኳቸው ነገሮች ነበሩ። ኑሪያ "ካርድ አልቆብኛል፣ ጅማ ላለችው ልጄ ልደውልበት" ብላ ስልኬን ወሰደች፤ አልመለሰችም። ሲመሽ ትንሿን ልጇን "ከእትዬ አልማዝ ጋር እደሪ" ብላ ላከችብኝ። ከማጠቢያው አብራኝ የምትሠራ ሴት መጣች፤ ተቀመጠች፤ ግድግዳው ላይ ያለውን የሚኪን ፎቶ አየች፤ ሳትናገር ተነስታ ሄደች። ከባሏ ተጣልታ ይሆናል ብዬ አዘንኩላት።

ጎህ ሲቀድ የእድሩ ጥሩምባ ከታች ከገበያው በኩል ተሰማኝ። ወደ እኛ ሰፈር ሲቀርብ ድንገት ዝም አለ። ወዲያው ብረት ከብረት ሲጋጭ፣ አግዳሚ ወንበር ሲጎተት ሰማሁ። የድንኳን ድምፅ ነው። ከኛ ጀርባ አባ መጫ የሚባሉ በሽተኛ ሽማግሌ አሉ፤ ሳላቸው ሌሊቱን ሙሉ ነው የሚሰማው። አረፉ ማለት ነው ብዬ "ነፍስ ይማር" አልኩ፤ ነጠላዬን አዘቅዝቄ ለበስኩና በሬን ከፈትኩ።

ድንኳኑ የሚተከለው እኔ ግቢ ውስጥ ነው።

የእድሩ ሊቀ መንበር ጋሽ ተሾመ ገመድ ይዘው ቆመዋል። ሲያዩኝ ገመዱ ከእጃቸው ወደቀ።

"ጋሽ ተሾመ፣ አባ መጫ አረፉ እንዴ?" አልኳቸው።

ከወንበሩ ዳር ሳል ተሰማኝና ዞርኩ። አባ መጫ ናቸው። ጋቢያቸውን ተከናንበው ተቀምጠዋል።

ያኔ ገባኝ። በሰርቦ እያንዳንዱ ሰው ብዙ ሰው አለው። እኔ ያለኝ አንድ ነው።

ይዘው አስገቡኝ። ወንበር ላይ አስቀመጡኝ። ኑሪያ ትኩስ ወተት አምጥታ "ቅመሺ፣ በሆድሽ ምንም የለም" አለችኝ። መርዶ ከመነገሩ በፊት ሰው እህል እንዲቀምስ ይደረጋል፤ እኔም ለስንቱ እንዲህ አድርጌያለሁ። ብርጭቆውን መሬት ላይ አስቀመጥኩት።

"በሉ ተናገሩ" አልኩ።

የንስሐ አባቴ አባ ኃይለ መስቀል መስቀላቸውን እያሻሹ ቀረብ አሉ። "ልጄ፣ የሰጠም እግዚአብሔር ነው፣ የነሣም እሱ ነው። ሚኪያስ…"

ሳይጨርሱ ሴቶቹ ጮኹ። አንዷ ደረቷን መታች። እኔ አልጮኽኩም። ጆሮዬ ጭው ብሎ ነበር፤ የነሱን አፍ አያለሁ እንጂ ድምፃቸው ከሩቅ ነው። የዚያች ፕላስቲክ ነገር በዓይኔ መጣ፤ ውሃ እየገባባት ስትወርድ።

ትንሽ ቆይቶ ራሴን "ማን ነገራችሁ?" ስል ሰማሁት።

ሁሉም ወደ ጋሽ ተሾመ ዞረ። ጋሽ ተሾመ ወደ ኑሪያ ባል ወደ ሐጂ ጀማል ዞሩ። ሐጂ ወደ ኑሪያ ዞሩ።

"አስቴር ደወለችልኝ" አለች ኑሪያ። "ለአንቺ ቀጥታ እንዴት ትደውል? እያለቀሰች ነበር፣ ወላሂ።"

"ምን አለችሽ? የሷን ቃል ብቻ ንገሪኝ።"

"ባሕር ሰርጓጅ መርከብ ጠፋ የሚል ዜና አለ አለችኝ። ሚኪን ላገኘው አልቻልኩም አለች። ለእህቴ እንዳትነግሪያት፣ ብቻዋንም እንዳትተዪያት አለች።"

"ሞተ አለችሽ?"

"አላለችም።"

"ታዲያ ሞተ ያለው ማነው?"

"እኔ ለሐጂ 'ሚኪ ጠፋ' ነው ያልኩት።"

"እኔም ለተሾመ 'ልጁ ባሕር ውስጥ ቀረ መሰለኝ' ነው ያልኩት" አሉ ሐጂ፤ ጢማቸውን ይዘው።

ጋሽ ተሾመ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። "እንግዲህ ወይዘሮ አልማዝ፣ ባሕር ውስጥ የቀረ ሰው… እኔ ምን ልበል? ለጥሩምባ ነፊው 'መሰለኝ' ብለህ ንፋ አይባልም።"

ከመካከላቸው ማንም እኔን አልጠየቀኝም ነበር። ሐዘን የደረሰበት ሰው አይጠየቅም፤ ደንባችን ነው። እኔ ግን ላገኘው እንደማልችል፣ ዝም እንደሚል አስቀድሞ የነገረኝን የልጄን ቃል ይዤ ነበር፤ ይህንንም ለማንም አላወራሁም። አስቴርም መርከቡ እንደወረደ አታውቅም ኖሯል፤ ቃሌን ጠብቄ ለእህቴም አልነገርኳትም።

"ስልኬን ስጡኝ" አልኩ።

ኔትወርክ የለም። ወደ በር ወጣሁ፤ በርሜሉ አጠገብ ነው የሚይዝልኝ። ከብዙ ሙከራ በኋላ አስቴር አነሳች። ድምፄን ስትሰማ ልቅሶዋን ለቀቀችው።

"አስቴር፣ ስሚኝ። በርሽ ላይ ሰው መጥቷል?"

"ምን ሰው?"

"የደንብ ልብስ የለበሱ ሁለት ሰዎች።"

"አልመጡም… ቢሯቸው ደወልኩ፤ መርከቦቻችን የት እንዳሉ አንናገርም አሉኝ። ዜናው የማን መርከብ እንደሆነ አይገልጽም…"

"ቤትሽ ነሽ?"

"ከትናንት ጀምሮ አልወጣሁም።"

"እንግዲያው መርዶ የለሽም" አልኳት። "መርዶ ነጋሪ ሳይመጣ ማን ያለቅሳል? በርሽ አጠገብ ተቀመጪ። ካንኳኩ ደውይልኝ፤ ለኔው ለራሴ።"

ተመልሼ ገባሁ። ነጠላዬን ገልብጬ አስተካክዬ ለበስኩ። ለቅሶ እንደማልቀመጥ ነገርኳቸው።

ይህን ሳደርግ ደፋር ነበርኩ ብላችሁ እንዳታስቡ። ከሴቶቹ አንዷ ለሌላዋ "ልቧ ደንግጦ ነው፤ አልቀበል ብሏት ነው" ስትል ሰማሁ። ሌላዋ አቅፋኝ "አልቅሺ እህቴ፣ ይውጣልሽ" አለችኝ። ያን ሁሉ ሰው ቤቴ ሞልቶ እንደዚያ ቀን ብቻዬን ሆኜ አላውቅም። የባለቤቴ ለቅሶ ላይ እንኳ አብረውኝ ነበሩ፤ ያመንነው አንድ ነገር ነበር። ያን ቀን እነሱ በአንድ ወገን፣ እኔ በሌላው።

አባ ኃይለ መስቀል ረጋ ብለው "ልጄ፣ ያም ሆነ ይህ ጸሎት አይከፋም። የክርስትና ስሙን ስጪኝና ፍትሐት እናድርግለት" አሉኝ።

ለሞተ ሰው ፍትሐት የሚደረገው በክርስትና ስሙ ነው። የሚኪን የክርስትና ስም ሰርቦ ውስጥ ከኔ በቀር የሚያውቅ የለም፤ ያጠመቁት ካህን አርፈዋል፤ የክርስትና አባቱም አርፈዋል።

"አባቴ፣ ይቅር ይበሉኝ" አልኳቸው። "ስሙን ለፍትሐት አልሰጥም። በቅዳሴ ስለ መንገደኞች ሲጸልዩ የሚያነሱት ከሆነ ይውሰዱ።"

ረጅም ጊዜ አዩኝ። ከዚያ ጆሯቸውን አቀረቡልኝ፤ ስሙን ሹክ አልኳቸው። "ስለ መንገደኞች" አሉ፤ መስቀላቸውን አሳለሙኝ። ከዚያ ሁሉ ሰው መጀመሪያ ወደኔ ወገን የተሻገሩት እሳቸው ናቸው።

ጋሽ ተሾመን ያስጨነቃቸው ሌላ ነበር። "ድንኳኑስ?" አሉ ለሐጂ በሹክሹክታ፤ ሹክሹክታቸው ግን ጓሮ ድረስ ይሰማል። "ተተክሎ ያለ ለቅሶ የተነቀለ ድንኳን ሰምተህ ታውቃለህ? ለሰውየው ገዱ ጥሩ አይደለም። ብንነቅለው የሞት መጠሪያ፣ ብንተወው የሞት መጠሪያ!"

"ይቆይ" አሉ ሐጂ። "ሂን ሶዳቲን፣ አልማዝ፤ አትፍሪ። ቡና ስናጥብ የሚሰምጠው ፍሬ ነው ደህናው። ባዶው ነው የሚንሳፈፈው።"

"ሐጂ፣ አሁን ስለ ቡና ይወራል?" አለች ኑሪያ።

"ምን ላውራ ታዲያ? የማውቀው እሱን ነው።"

ሳላስበው ፈገግ አልኩ። ሴቶቹ ይህን አይተው ይበልጥ አለቀሱልኝ።

ከሰዓት በኋላ ዝናቡ ጀመረ። ብዙዎቹ እያዘኑልኝ ወደየቤታቸው ገቡ። እኔ በርሜሉ አጠገብ፣ ጣራው ጥግ ሥር ቆሜ አስቴርን ደወልኩላት። በሯን ያንኳኳ የለም።

"መልእክት ልኪልኝ" አልኳት።

"ምን ልበለው? ደህና ነህ ወይ ልበለው?"

እኔም ልጠይቀው የፈለግኩት እሱን ብቻ ነበር። ግን የማይመልስን ሰው መጠየቅ ማስጨነቅ ነው። ደግሞ ክፉ ነገር ያለበት መልእክት እንደማይሰጡት ነግሮኛል፤ ታች ላለ ሰው ምን ያደርግለታል? ወዴት ይወጣል?

"እንዲህ በይው" አልኳት። "ሰርቦ ዝናብ ነው። በርሜሉ ሞልቷል። ቡናው ግማሹ ቀልቷል። እኔ ደህና ነኝ። እጠብቅሃለሁ።"

ኑሪያ ከኋላዬ ቆማ ኖሯል። "ኑሪያ ዓሣ አታብዛ ብላለች በዪው" አለች፤ ዓይኗ አብጦ ነበር። "ጥፋቱ የኔ ነው፣ የሚኪ እናት።"

"ጥፋት የለም። ብቻዬን እንዳልሆን ብለሽ ነው።"

አመሻሽ ላይ ድንኳኑ ውስጥ የቀረ ሰው አልነበረም። ገብቼ አግዳሚው ላይ ተቀመጥኩ። በልጄ ለቅሶ ድንኳን ውስጥ፣ ብቻዬን። ዝናቡ ሸራው ላይ ይወርዳል። ጠዋት የነበረችው ጥንካሬ አልነበረችም። ምናልባት እውነታቸውን ይሆናል አልኩ። ምናልባት ሁለቱ ሰዎች መንገድ ላይ ናቸው። ምናልባት የካድኩት እኔ ነኝ። እጄ ነጠላዬን ሊያዘቀዝቅ ጫፉን ይዞ ነበር። ጸሎት ልጀምር ብል ቃል አልመጣልኝ አለ። ነቢዩ በዓሣ ሆድ ሆኖ የጸለየውን አስታውሼ እንኳ መጀመሪያው ጠፋኝ።

ዝም ብዬ ዝናቡን አዳመጥኩ። እሱ የሚሠራውን ሥራ እየሠራሁ እንደሆነ ቆይቶ ነው የገባኝ። ማየት በሌለበት ማዳመጥ። የነጠላዬን ጫፍ ለቀቅኩት።

በማግስቱ አስቴር ደወለች። የጠፋው መርከብ የሌላ አገር መሆኑ ታውቋል። የሚኪ አይደለም። ሰዎቹ ግን፣ የዚያኛው መርከብ ሰዎች፣ በሕይወት አይገኙም ተብሏል።

ኑሪያ እልል ልትል አፏ ላይ እጇን አደረገች። ያዝኳት። ምስጋናዬን ለራሴ አልኩ፤ ተንበርክኬ መሬቱን ሳምኩ። ከዚያ ግን ደስታው ሙሉ አልሆንልሽ አለኝ። በዚያች ሰዓት በሮቻቸው የሚንኳኩ እናቶች ነበሩ። እነሱም "ደህና ነኝ፣ እጠብቅሃለሁ" ብለው ልከው ይሆናል።

ነጠላዬን አዘቀዘቅኩ። ወጥቼ ድንኳኑ ውስጥ ተቀመጥኩ፤ አለቀስኩም። ያን ያህል እንባ እንዳለኝ አላውቅም ነበር። አባ ኃይለ መስቀልን ሲመጡ "አባቴ፣ ጸልዩላቸው" አልኳቸው።

"ስማቸውን አናውቅም ልጄ።"

"እግዚአብሔር ያውቀዋል።"

ጸለዩ። ሐጂም እጃቸውን ዘርግተው ዱዓ አደረጉ። አባ መጫ ተደግፈው መጡ፤ "ኤዬ፣ የሰው ልጅ ነው" ብለው ተቀመጡ። ሰፈሩ ሁሉ መጣ። ስማቸውን ለማናውቅ፣ ቋንቋቸውን ለማንሰማ ልጆች ሰርቦ ለቅሶ ተቀመጠች። ጋሽ ተሾመ ሲመሽ ድንኳኑን እያስነቀሉ "ይኸው፣ ያለ ለቅሶ አልተነቀለም" አሉ፤ እፎይ ብለው።

ሁሉም ሲሄድ ግቢው ላይ ድንኳኑ የቆመበት ሣር ተጋድሞ ቀረ። ሚኪ አሁንም ዝም እንዳለ ነው። የሌላ መርከብ መሆኑን እንጂ እሱ እንዴት እንዳለ የነገረኝ የለም። በየጠዋቱ ጓሮ እዞራለሁ። ሣሩ ቀስ በቀስ ተነሳ። ፍሬው ቀላ። ዛፉ ሙሉ በሙሉ ሲቀላም ስልኩ አልጮኸም። ለቀማ ደረሰ። "ልቀሚው እንጂ፣ ሊረግፍብሽ ነው" ትለኛለች ኑሪያ። እኔ አልነካሁትም።

አንድ ቀን ከማጠቢያው ስመለስ፣ በርሜሉ ጋ ስደርስ ስልኬ ጠራ።

"እማዬ።"

ቁጭ አልኩ፤ እዚያው ጭቃው ላይ።

"እማዬ፣ ቡናው ቀላ?"

"ከቀላ ቆየ" አልኩት።

"ዘገየን። ይቅርታ። የዝናቡ መልእክት ደርሶኛል። አትሜው አልጋዬ አጠገብ ለጥፌዋለሁ። ከዚያ በኋላ አንድ ቀን ጆሮዬ ላይ ዝናብ ሰማሁ፤ ከላይ። አጠገቤ ላለው ልጅ 'የኛ ቤት ነው' አልኩት።"

ኑሪያ አጥሩን ዞራ መጥታ ስልኩን ነጠቀችኝ።

"ሚኪ! አንተ ልጅ! ድንኳን ጥለንልህ ነበር እኮ!"

"ምን?"

ሁሉንም ነገረችው፤ ከጥሩምባው እስከ አባ መጫ። ከዚያ ሳቁ ከስልኩ ወጥቶ ግቢው ሞላ።

"ብዙ ሰው መጣ? ማን ማን አለቀሰ? ጋሽ ተሾመ አለቀሱ?"

"ጋሽ ተሾመማ ስለ ድንኳኑ ነው ያለቀሱት!"

ስልኩ ወደኔ ሲመለስ መሳቁን ትቶ ነበር።

"አንቺስ እማዬ? አንቺ ምን አደረግሽ?"

"የክርስትና ስምህን ለፍትሐት አልሰጠሁም" አልኩት።

ረጅም ጊዜ ዝም አለ። የሚተነፍሰውን ሰማሁ። አልቸኮልኩበትም፤ የሱን ዝምታ አውቀዋለሁ።

ውድ አንባቢዎቼ፣ ይህ ነው የሆነው። ከዚያ ወዲህ ሁለት ነገር ተለውጦብኛል። አንደኛው፣ በሰፈራችን ስለ ሰው ልጅ ክፉ ወሬ ሲመጣ እድሩ በቅድሚያ ወደ እናቲቱ ሰው ይልካል፤ "ልጅሽ ምን ብሎሽ ነበር?" ተብላ ትጠየቃለች። ጋሽ ተሾመ ናቸው ያስወሰኑት። እናንተም ጎረቤት ካላችሁ እንዲሁ አድርጉ።

ሁለተኛው የራሴ ነው። ድሮ ስጸልይ መልስ አሳድድ ነበር፤ ምልክት እሻ ነበር፤ ሲዘገይብኝ እከፋ ነበር። አሁን እንደዚያ አይደለሁም። የምለውን እላለሁ፤ ከዚያ እነሳለሁ። የተላከው እንደሚደርስ አይቻለሁና። ምናልባት ከመካከላችሁ መልስ ያጣ አለ። ለዚያ ሰው ነው የጻፍኩት።

ሚኪ አሁንም ወርዷል። መቼ እንደሚወጣ የተነጋገርንበት ምልክት አለ፤ እሱን አልነግራችሁም፤ ለሰው አይወራም።

ዛሬ ሰርቦ ዝናብ ነው። በርሜሉ ሞልቷል። ልኬለታለሁ።